ከሐራጅ በፊት ስላሉት 30 ቀኖች

(በዕድራችን ዓመታዊ ጠቅላላ ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



የተሰጠን ጊዜ አጭር ስለሆነ በቀጥታ ወደ ጉዳዩ እንገባለን። ቤቱን አስይዞ ከባንክ የተበደረ ሰው ብድሩን መክፈል ሲያቅተውና ባንኩ ቤቱን ልሽጥ ሲል፣ ከፍርድ ቤት ምን ዓይነት መፍትሔ ያገኛል? እኛ ጠበቃ አይደለንም፤ በመዝገብ ቤት ጸሐፊነት ስንኖር ያየነውንና ከሕጉ ያነበብነውን ነው የምንነግራችሁ።

ብዙ ሰው «ፍርድ ቤት ሳይፈርድ ቤቴን ማን ይሸጠዋል?» ይላል። ይህ ድሮ ልክ ነበር። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ፣ ባለገንዘቡ የሕጉን ሥርዓት ሳይከተል መያዣውን እንዲሸጥ የሚደረገውን ስምምነት አይቀበልም። በ1990 ዓ.ም. ግን አዋጅ ቁጥር 97 ወጣና ለባንኮች ነገሩ ተለወጠ። ባለዕዳው በውሉ ሥልጣን ከሰጠው፣ ባንኩ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ራሱ በሐራጅ ይሸጣል፤ ስሙንም ለገዢው ያዛውራል።

ታዲያ የፍርድ ቤት በር ተዘጋ ማለት ነው? አይደለም። ባንኩ ሐራጁን ሲያካሂድ የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግን፣ ከቁጥር 394 እስከ 449 ያለውን፣ መከተል አለበት። ያንን ጥሶ ባለዕዳውን ከጎዳ ይከሰሳል፤ ካሣም ይከፍላል። ግን ልብ በሉ፤ ካሣ ማለት ቤቱ ከሄደ በኋላ የሚመጣ ገንዘብ ነው። እሱም ማስረጃ ይፈልጋል።

ሌላም አለ። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ የባልና ሚስት የጋራ ቤት በመያዣ ሲሰጥ የሁለቱም ስምምነት ያስፈልጋል ይላል። ሳይስማማ የተያዘበት ወገን ውሉ እንዲፈርስ ፍርድ ቤትን መጠየቅ ይችላል። ጊዜው ግን የተቆረጠ ነው፤ ካወቀ በ6 ወር ውስጥ፣ ቢበዛ ደግሞ ውሉ በተደረገ በ2 ዓመት ውስጥ ነው። ከዚያ ወዲያ ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ነው።

ከመካከላችን አንድ አባል፣ ለእህታቸው ልጅ ንግድ ብለው ቤታቸውን አስያዙ። ባለቤታቸውም አብረው ፈርመዋል። ንግዱ ከሠረ በኋላ የባንኩ ማስጠንቀቂያ ሲመጣ ደብዳቤውን ፍራሽ ሥር ከተቱት፤ ለባለቤታቸው እንኳ ትንፍሽ አላሉም። እኛ የሰማነው የሐራጁ ማስታወቂያ ጋዜጣ ላይ ወጥቶ ሰው ሲያወራ ነው። ተያይዘን ጠበቃ ዘንድ ብንሄድ፣ የመጀመሪያው ጥያቄ «ማስጠንቀቂያው የደረሰዎት መቼ ነው?» የሚል ሆነ። ጊዜው አልፏል፤ ሐራጁም ጉድለት አልተገኘበትም። ቤቱ ተሸጠ። ዛሬ ተከራይተው ይኖራሉ። «ስሜን ሳትጠሩ ንገሩላቸው» ብለውን ነው ይህን የምናወራው።

እንግዲህ ደብዳቤ የደረሰው ሰው የሚከተለውን ያድርግ። የደረሰበትን ቀን ጽፎ ፖስታውንም ያስቀምጥ። በዚያው ሰሞን ባንኩ ዘንድ ሄዶ የዕዳውን ሂሳብ ዝርዝር ይጠይቅ። የመክፈያ ጊዜ እንዲራዘምለት በጽሑፍ ያመልክት፤ የማመልከቻውን ግልባጭም ይያዝ። የማይቻል ከሆነ፣ ከባንኩ ጋር ተስማምቶ ራሱ ገዢ ቢፈልግ፣ ከሐራጅ የተሻለ ዋጋ ሊያገኝ ይችላል። ውሉ ላይ ወይም ማስጠንቀቂያው ላይ ጉድለት ካየ ደግሞ ሐራጁን ሳይጠብቅ ጠበቃ ያማክር። ሳይቃጠል በቅጠል ይባላል።

በመጨረሻ ስለ ራሳችን አንድ ነገር እንበል። በዕድራችን ሰው ሲሞት ጥሩምባ ይነፋል፤ ድንኳን ተጥሎ ሁላችንም እንሰበሰባለን። ለዕዳ ግን የሚነፋ ጥሩምባ የለም። ሰው ያፍራል፤ ይደብቃል። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም። ዕድሩ ዕዳ አይከፍልም፤ ደንባችንም አይፈቅድም። ነገር ግን ደብዳቤ አንብቦ የሚያስረዳ፣ ማመልከቻ የሚጽፍ፣ ባንክና ፍርድ ቤት አብሮ የሚሄድ ሰው ከመካከላችን አይጠፋም። እኛም እጃችን እስካልደከመ እንጽፋለን። ብቻ ደብዳቤው በደረሰ ማግስት ኑ፤ በ29ኛው ቀን አትምጡብን።