ጅብና ጎረቤቶቹ



የዱር እንስሳ ፊልም ታሪክ ሲነሳ በርንሃርት ግርዚሜክ እ.ኤ.አ. በ1959 ያወጡት «ሰረንጌቲ አይሞትም» አይዘለልም። እኚህ ጀርመናዊ ከልጃቸው ከሚካኤል ጋር በዛሬዋ ታንዛኒያ ባለው በሰረንጌቲ ሜዳ ላይ በትንሽ አውሮፕላን እየበረሩ የዱር እንስሳውን መንጋ ቆጠሩ፤ ሥራው ሳያልቅ ልጃቸው በአውሮፕላን አደጋ ሞተ። ፊልሙ በማግሥቱ ዓመት ኦስካር አገኘ። ማሳዮች ከብታቸውን ነድተው ከሰረንጌቲ ፓርክ የወጡትም በዚያው ዘመን ነው። በግርዚሜክ እምነት በፓርክ ውስጥ የአገሬው ተወላጅም ቢሆን መኖር አልነበረበትም። ለእንስሳቱ የዋሉት ውለታ ትልቅ ነው፤ በዚህ ግን ተሳስተዋል እላለሁ።

እንስሳን ከሰው ለይቶ ማየት እንደማያዋጣ ወደሚያሳየኝ ወደ ጅብ ልምጣ። የእንስሳት ጠባይ አጥኚው ሃንስ ክሩክ በሰረንጌቲና በአጠገቡ ባለው በንጎሮንጎሮ በጨረቃ ብርሃን ጅቦችን በመኪና እየተከተለ ያየውን እ.ኤ.አ. በ1972 በመጽሐፍ አወጣ። ጠዋት ላይ አንበሳ ግዳይ ላይ ተኝቶ፣ ጅብ ዙሪያውን ሲያንዣብብ ያየ ሰው ጅቡን ፍርፋሪ ጠባቂ ያደርገዋል። ሌሊቱን ነቅቶ ያደረው ክሩክ ግን የገደለው ጅብ፣ የቀማው አንበሳ ሆኖ ብዙ ጊዜ አገኘው።

እኛ አገር ደግሞ ጅብን ከሰው ነጥሎ ማጥናት አይቻልም። የመቀሌ ዩኒቨርሲቲው ጊደይ ይርጋና ባልደረቦቹ በትግራይ የጅብ ዓይነ ምድር እየሰበሰቡ በውስጡ ያለውን ፀጉር መረመሩ። ዐቢይ ጾም ሲገባ ልኳንዳ ይዘጋል፤ አጥንት ከደጅ አይጣልም። በእነዚያ 55 ቀናት ጅቡ ወደ አህያ ይዞራል። የአህያው ፀጉር ድርሻ ከ15 በመቶ ገደማ ወደ 33 በመቶ ገደማ ከፍ አለ፤ ከፋሲካ በኋላ ደግሞ ቀነሰ። ጥናቱ እ.ኤ.አ. በ2012 ታተመ። የአገሩን ጾምና ፍስክ ያልቆጠረ አጥኚ ይህን ከቶ አያገኘውም ነበር።

ሐረር ላይ ቅርበቱ ይብሳል። በጀጎል ግንብ ሥር ጅብ የሚሾልክባቸውን ቀዳዳዎች ሐረሪዎች «ወራባ ኑዱል» ይሏቸዋል። ሲመሽ ጅብ የሚያበላው ሰው ጅቦቹን በየስማቸው ይጠራል፤ ሥጋ የተንጠለጠለበትን አጭር እንጨት በጥርሱ ነክሶ ሲጠብቅ ጅቧ ፊቱ ድረስ መጥታ ትወስዳለች። በአሹራ በዓል ቅቤ የበዛበት ገንፎ ይቀርብላቸዋል፤ አበላላቸው ታይቶም ስለ መጪው ዓመት ይነገራል። አንትሮፖሎጂስቱ ማርከስ ቤይንስ-ሮክ በከተማዋ ኖሮ ስለ ሰዎቹና ስለ ጅቦቹ የጻፈው መጽሐፍ እ.ኤ.አ. በ2015 ወጣ። በዓመቱ የቢቢሲው «ፕላኔት ኧርዝ 2» ስለ ከተሞች ባቀረበው ክፍል የሐረርን ጅቦች ለዓለም አሳየ። እዚያ ፊልም ላይ ሰው ከጅቡ ጎን አለ፤ ደስ ያሰኘኛል።

የቀረኝ ነገር አለ። ጅብ የሚያበላው ሰው በፊልም ታይቷል፤ አህያው የተበላበት ገበሬ ገና አልታየም ማለት ይቻላል። ውኃውን፣ እህሉን፣ ማገዶውን የሚጭንለት ያ አንድ አህያ ነበር። ካሜራ ይዛችሁ የምትወጡ ወጣቶች፣ እባካችሁ የእሱን በር ሳታንኳኩ አትመለሱ።