ባንድዊድዝ፦ አንድ ቃል፣ ሁለት መለኪያ



ከዓመታት በፊት ለአንድ ተማሪዬ ትክክለኛ መልስ ዜሮ ሰጥቼ ነበር። በፈተናው ከ300 እስከ 3400 ኸርዝ የሚያሳልፍ፣ የሲግናሉ ኃይል ከኖይዙ 1000 እጥፍ የሆነ የስልክ መስመር ሰጥቼ ባንድዊድዙን ጠየቅሁ። የጠበቅሁት 3100 ኸርዝ ነበር፤ እርሱ ግን «በሴኮንድ 31 ሺህ ቢት ገደማ» ሲል መለሰ።

ቢሮዬ መጥቶ ስሌቱን ሲያስረዳኝ ጥፋቱ የእኔ መሆኑን ተረዳሁ። በሲግናል ምሕንድስና ቃሉ መስመሩ የሚያሳልፈውን የድግግሞሽ ስፋት ያመለክታል፤ በኔትወርክ ሙያ ደግሞ በሴኮንድ ሊተላለፍ የሚችለውን የመረጃ መጠን።

ሁለቱን የሚያገናኛቸው ክላውድ ሻነን በ1948 እ.ኤ.አ. ያሳተመው ቀመር ነው። ተማሪዬ የተጠቀመውም በዚሁ ነበር። ይሁንና መገናኘታቸው አንድ አያደርጋቸውም፤ የሲግናሉ ኃይል ሳይለወጥ ኖይዙ ቢበረታ 3100 ኸርዙ ባለበት ይጸናል፣ የሚያልፈው ቢት ግን ይቀንሳል። ስፋቱን ብቻ አይቶ ስለ ፍጥነቱ ቃል የሚገባ መሐንዲስ የማይፈጽመውን ቃል ይገባል።

የተማሪዬን ነጥብ መለስሁለት፤ ጥያቄውንም አረምሁ። ከዚያ ወዲህ ቃሉን ያለ መለኪያው ጽፌ አላውቅም። እናንተም «ባንድዊድዝ» ሲባል ብትሰሙ፣ ከመመለሳችሁ በፊት «በኸርዝ ነው ወይስ በቢት?» ብላችሁ ጠይቁ።