እስረኛን ስለ መጠየቅ

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፤ አሜን።



በእሑድ ጧት በሲኤምሲ ቅዱስ ሚካኤል ቤተ ክርስቲያን ቅዳሴው ተፈጽሞ ሕዝቡ በሰላም ሲሰናበት፣ ከመካከሉ ወደ ቤታቸው የማይመለሱ ጥቂት ሰዎች አሉ። ነጠላቸውን እንዳጣፉ፣ በአንድ እጃቸው የምሳ ዕቃ፣ በሌላው እጃቸው የታጠበ ልብስ ይዘው ወደ መገናኛ የሚወርደውን ታክሲ ይጠብቃሉ። መንገዳቸው ሩቅ ነው፤ ከከተማው ምሥራቅ ተነሥተው እስከ ደቡቡ ጫፍ፣ እስከ ቃሊቲ ወይም እስከ ቂሊንጦ ይሄዳሉ። በዚያም ተሰልፈው፣ መታወቂያ አሳይተው፣ ተፈትሸው ከገቡ በኋላ የሚያገኙት ጊዜ ጥቂት ደቂቃ ነው። ዛሬ የምንናገረው ስለ እነዚህ ሰዎችና ስለሚጠይቁት እስረኛ ነው።

ጌታችን በማቴዎስ ወንጌል በምዕራፍ 25 ስለ ፍርድ ቀን ሲያስተምር፣ ከተራበው፣ ከተጠማው፣ ከእንግዳው፣ ከታረዘውና ከታመመው ጋር እስረኛውንም ቆጥሮ ራሱን በእርሱ ስፍራ አቆመ። እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ እንበል። ስላላስፈታችሁኝ ብሎ አልወቀሰም፤ ስላልጠየቃችሁኝ ብሎ ነው እንጂ። ማስፈታት የዳኛ ሥልጣን ነው፤ መጠየቅ ግን ለሁላችን የተሰጠ ሥራ ነው። ደግሞም እስረኛው በደለኛ ይሁን ወይም ንጹሕ ይሁን ቃሉ አልለየም።

አንዳንድ ሰው፣ የሰው ገንዘብ የበላውን ወይም በወንድሙ ላይ እጁን ያነሣውን ሄዶ መጠየቅ በደሉን ማጽደቅ አይሆንምን? ይል ይሆናል። አይሆንም። በሽተኛን የሚጠይቅ ሰው በሽታውን አልወደደም። የተበደለው ሰው እንባም ከቶ ሊረሳ አይገባውም። ነገር ግን በደለኛውን ወደ ንስሓና ወደ ካሳ ሊመራው የሚችል፣ በፍቅር የሚጠይቀው ወዳጁ ነው። ማንም የማይጠይቀው ሰው ቀንና ሌሊት የሚሰማው የራሱን ቂም ብቻ ነው።

የግብፁ ንጉሥ የጠጅ አሳላፊዎች አለቃ ከዮሴፍ ጋር በአንድ ግዞት ቤት ነበረ። ዮሴፍ ሕልሙን ተረጐመለት፤ በተፈታም ጊዜ እንዲያስበው ለመነው። ያ ሰው ወደ ማዕረጉ ተመለሰ፣ ዮሴፍንም ረሳው፤ ሁለት ዓመትም አለፈ። መጽሐፍ ክፉ ሰው ነበረ አይለንም፤ ረሳ ብቻ ነው የሚለን። ብዙዎቻችን የምንመስለው ይህን ሰው ነው። ዘመዳችን በተያዘበት ሳምንት የፖሊስ ጣቢያው በር በጠያቂ ይጣበባል፤ የሚመጣው ምግብ ለጓደኞቹም ይተርፋል። ወር ሲሞላ ጠያቂው ይቀንሳል። ፍርዱ ከተነገረ በኋላ፣ ይልቁንም ወደ ዝዋይ ወይም ወደ ሸዋ ሮቢት ከተዛወረ በኋላ፣ የምትቀረው እናቱ ወይም ሚስቱ ብቻ ትሆናለች። ጠያቂ ይበልጥ የሚያስፈልገው ግን በዚያን ጊዜ ነው።

በዚሁ በሲኤምሲ አንዲት እናት አሉ። የደረሰባቸውን ራሳቸው ነግረውናል፤ ለሌላው ይጠቅም እንደ ሆነ እንድንናገረውም ፈቅደውልናል። ልጃቸው በሥራ ቦታው በገንዘብ ጉድለት ተከሶ በታሰረ ጊዜ፣ እርሳቸው በየሳምንቱ ስንቅ ከማመላለስ አልቦዘኑም። ለጎረቤት ግን ውጭ አገር ሄደ ብለው ነበር። ግቢያቸው በአጥር የታጠረ፣ ጎረቤቱም ከመኪናው ወርዶ ወደ ቤቱ የሚገባ ስለ ሆነ፣ ነገሩ ሳይታወቅ አንድ ዓመት አለፈ። አንድ ቀን ልጁ፣ «እማዬ፣ ሰፈር ያሉት ሰላም አይሉኝም?» ብሎ ጠየቀ። እናት ያሉትን ተናዘዙ። እርሱም ጥቂት ዝም ብሎ፣ «እንግዲያው ከዚህ ብወጣም የምመለስበት ሰፈር የለኝማ» አላቸው።

በተከታዩ ወር በ12 ቀን፣ የቅዱስ ሚካኤል ማኅበርተኞች ለዝክር በተሰበሰቡበት፣ እኒያ እናት ተነሥተው እውነቱን ተናገሩ። የፈሩት ሐሜት ነበር። የሆነው ግን፣ አንዲት ሌላ እናት አንገታቸውን ደፍተው አልቅሰው፣ የእኔም ወንድም ታስሮ ነው፣ ለማንም አልተናገርሁም ማለታቸው ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ማኅበርተኞቹ ተራ ገብተው ሁለቱንም ይጠይቃሉ። ከእስር ቤቱ ግድግዳ ሌላ እኛ ራሳችን በእፍረት የምንሠራው ግድግዳ አለና፣ ይህን ማፍረስ የማንም ፈቃድ አያስፈልገውም።

ምእመናን ሆይ፤ አገራችን በእስር ቤት በር ላይ የቆሙ እናቶችን አብዝታ አይታለች። ከጣልያንኛ ቃል ስሙን ያገኘው የአዲስ አበባው ከርቸሌ፣ ሕዝቡም «ዓለም በቃኝ» ይለው የነበረው ቤት፣ ዛሬ የለም፤ በስፍራው በ2004 ዓ.ም. የተመረቀው የአፍሪካ ኅብረት ሕንፃ ቆሟል። በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. በቀይ ሽብር ጊዜ በየእስር ቤቱ ደጃፍ ስንቅ ይዘው የሚሰለፉ ሰዎች፣ የታሰረው ወገናቸው በሕይወት መኖሩን የሚያውቁት ዕቃው ባዶውን ሲመለስላቸው ነበር። ከእንግዲህ ስንቅ አታምጪ የተባለች እናት ግን ሌላ መርዶ ነጋሪ አላስፈለጋትም። የቤተ ክርስቲያናችን ሁለተኛው ፓትርያርክ አቡነ ቴዎፍሎስም በ1968 ዓ.ም. ከመንበራቸው ወርደው ታሰሩ፤ በ1971 ዓ.ም. ተገደሉ። ዐፅማቸው ተገኝቶ በጎፋ ቅዱስ ገብርኤል ቤተ ክርስቲያን በክብር ያረፈው በ1984 ዓ.ም. ነው። ከታሰረ ሰው ጋር መገናኘት ሲቋረጥ ምን ያህል ጨለማ እንደሚወርድ ከዚህ እንረዳለን።

በዚያው ዘመን በማዕከላዊ ታስሮ የነበረው ነቢይ መኰንን፣ ወረቀት ስላልነበረው በሲጋራ ፓኮ ወረቀት ላይ አንድ ትልቅ የአሜሪካ ልብ ወለድ ወደ አማርኛ መለሰ። የሚፈቱት ጓደኞቹ ቍርጥራጩን እየደበቁ አወጡለት፤ ከተፈታም በኋላ ተሰብስቦ «ነገም ሌላ ቀን ነው» ተብሎ ታተመ። እኒያ ሰዎች ነፃ በወጡበት ቀን የጠጅ አሳላፊውን መንገድ አልተከተሉም፤ የጓደኛቸውን አደራ ይዘው ወጡ።

በውጭው ዓለምም እንዲሁ ነው። በ1954 ዓ.ም. በአዲስ አበባ በኮልፌ የጦር ትምህርት የተማሩት ኔልሰን ማንዴላ፣ በሮበን ደሴት በታሰሩባቸው በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የሚፈቀድላቸው በስድስት ወር አንድ ደብዳቤና አንድ ጠያቂ ነበር። የተባበሩት መንግሥታት በ2008 ዓ.ም. ያጸደቀውና በስማቸው የሚጠራው ደንብ፣ እስረኛ ከቤተ ሰቡና ከወዳጆቹ ጋር በደብዳቤም በአካልም እንዲገናኝ ያዛል። የአገራችንም ሕገ መንግሥት በ1987 ዓ.ም. በአንቀጽ 21፣ በጥበቃ ሥር ያለ ሰው በትዳር ጓደኛው፣ በዘመዱ፣ በጓደኛው፣ በሃይማኖት አማካሪው፣ በሐኪሙና በጠበቃው የመጐብኘት መብት እንዳለው ጽፏል። እንግዲህ ጠያቂ ሆኖ የሚሄድ ሰው ልመና ሳይሆን በሕግም የታወቀ ሥራ ይዞ ይሄዳል፤ አንገቱን ሊደፋ አይገባውም።

ታዲያ እንዴት እንጠይቅ?

ነቢዩ ኤርምያስ በጭቃ ጕድጓድ በተጣለ ጊዜ በንጉሡ በሴዴቅያስ ፊት የተናገረለት ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ ነበረ። ንጉሡ 30 ሰዎች ሰጠው፤ ገመድም ነበረው። አቤሜሌክ ግን አሮጌ ጨርቅና ያለቀ ልብስ ፈልጎ ወደ ጕድጓዱ አወረደ፤ ገመዱ እንዳይከረክረው ከብብቱ በታች ያደርገው ዘንድ ነቢዩን ነገረው። ሰዎቹን የሰጠ ንጉሥ ነው፤ ጨርቁን ያሰበ ግን ወዳጅ ነው። የእኛም ሥራ ገመዱ የት ላይ እንደሚከረክር ማሰብ ነው።

ስለዚህ አስቀድመን እስረኛው የት እንዳለና በየትኛው ዞን እንደሚገኝ፣ የመጠየቂያው ቀንና ሰዓት መቼ እንደ ሆነ፣ ምን ማስገባት እንደሚፈቀድ ጠይቀን እንረዳ። በር ላይ ስንቁን ቅመሱ ብንባል አንቈጣ፤ ቁጣችን ለእስረኛው አይጠቅመውም። ቀን ቀጥረን በቀኑ እንገኝ፤ የሚጠብቅ ሰው ከሰዓቱ በፊት ልብሱን ለብሶ ይቀመጣልና። ከአቅማችን በላይ የሆነ ተስፋ አንስጠው፤ በወር አንድ ጊዜ የምንችል ከሆነ በወር አንድ ጊዜ እንበል፣ ያንንም እንፈጽም። ባዶ እጄን እንዴት እሄዳለሁ ብሎ የሚቀር ድኻም አይኑር፤ እስረኛው ከምግቡ ይልቅ የሰው ፊት ይርበዋል።

በምንገናኝባት ጥቂት ደቂቃም እያለቀስን ጊዜውን አንጨርስ። መጥምቁ ዮሐንስ ከግዞት ቤት ደቀ መዛሙርቱን ልኮ ባስጠየቀ ጊዜ፣ ጌታችን የላከለት በውጭ የሚታየውንና የሚሰማውን ሥራ ነው። እኛም የቤቱን እውነተኛ ወሬ እናድርስለት፤ ልጁ ስንተኛ ክፍል እንደ ገባ፣ ማን እንዳገባ፣ ማን እንዳረፈ እንንገረው። በቤቱ ጉዳይም ምክሩን እንጠይቀው፤ አባትነቱ ወይም ወንድምነቱ አልታሰረምና። መሄድ ያልቻልን ደብዳቤ እንላክ፤ ደብዳቤው በሌላ ሰው ሊነበብ እንደሚችል አውቀን የክሱን ነገር ለጠበቃው ትተን፣ ሰላምታውንና ናፍቆቱን እንጻፍ። የንስሓ አባቱም እንዲጠይቁት እንለምን። ሐዋርያው ጳውሎስ በሮም ታስሮ ሳለ በጢሮአዳ የተወውን በርኖስና መጻሕፍት እንዲያመጡለት፣ ክረምት ሳይገባም እንዲመጡለት ጽፏል፤ ሐዋርያም ቢሆን ይበርደዋል፣ ይናፍቃልም። በሰንሰለቱ ሳያፍር ፈልጎ ያገኘውን የሄኔሲፎሩን ስም ግን እስከ ዛሬ ድረስ በመጽሐፍ እናነበዋለን።

የእስር ዘመኑ ተፈጽሞ በሩ የተከፈተለት ዕለትም ሥራችን አላለቀም። ሰው ያንን በር አልፎ ሲወጣ የሚፈራው አንድ ነገር ነው፤ ማን ይቀበለኛል? ሳናቋርጥ ጠይቀነው ከሆነ መልሱን አስቀድሞ ያውቃል። የእኒያ እናት ልጅ ገና አልተፈታም፤ የሚመለስበት ሰፈር ግን አለው።

እንግዲህ በዚህ ሳምንት እያንዳንዳችን ወደ ልባችን እንመለስ። ከዘመዶቻችን፣ ከሥራ ባልደረቦቻችን፣ ከቀድሞ ጎረቤቶቻችን መካከል ታስሮ ስሙን መጥራት የተውነው ማን ነው? እርሱን በስሙ እናስበው፤ በጸሎታችንም እናንሣው፤ ቀጥለንም እንነሣና እንሂድ። ስንደርስም አባቶቻችን እንዳስተማሩን፣ እግዚአብሔር ያስፈታህ እንበለው።

የታሰሩትን በምሕረቱ ይጐብኝልን፤ የተበደሉትን በጽድቁ ያጽናናልን፤ በየመንገዱ ስንቅ ተሸክመው የሚሄዱትን እናቶች ጕልበት ያበርታልን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር፤ ወለወላዲቱ ድንግል፤ ወለመስቀሉ ክቡር፤ አሜን።