የኦቴሎ መሐረብ

 ልጆቻችሁን ለትምህርት ቤት አውቶቡስ እያጣደፋችሁ ነው፤ ግን አንዴ አድምጡኝ።

ሎሬት ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ የመለሰው የኦቴሎ ቴአትር ትዝ ይላችኋል? እዚያ ውስጥ ተንኮለኛው ኢያጎ ኦቴሎ ሚስቱን እንዲጠረጥር ሲያደርግ አይጮኽም። ኢያጎ አያስፈራራም። ነገሩን ጀምሮ ይተወዋል፤ ቀሪውን ኦቴሎ ራሱ ይጨርሰዋል። ከዚያ አንዲት መሐረብ። በአንዲት መሐረብ ትዳር ይፈርሳል፣ ነፍስ ይጠፋል።

ኢያጎን መድረክ ላይ የተጫወተ ተማሪ ሰውን ማሳመን ምን ያህል ቀላል እንደሆነ ያውቃል። የኦቴሎን ሚስት ዴዝዴሞናን የተጫወተችው ደግሞ ዋጋውን ታውቃለች። ለዚህ ነው ልጆቻችን ቴአትር ቢሠሩ የምወደው።

ዛሬ ማታ ልጃችሁ «ጓደኞቼ ሁሉ ስልክ አላቸው» ብሎ እንደ ኢያጎ ሊያግባባችሁ ሲጀምር አትቆጡት። አስጨርሱት። ከዚያ ቀስ ብላችሁ ጠይቁት፦ «ሁሉም ነው ያልከው፣ ልጄ?»