ድምፅ ሳይጎድል
ስለ ሙዚቃ ቅጂዎች አሰባሰብ የቀረበ ንግግር



የዋልያስ ባንድ «ቸ በለው» የተሰኘው ሸክላ በካይፋ ሪከርድስ የታተመው እ.ኤ.አ. በ1977 ነበር። የኃይሉ መርጊያ ኦርጋን ጎልቶ የሚሰማበት ይህ ሥራ ለረጅም ዘመን ከገበያ ርቆ ከቆየ በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ2014 በአንድ የውጭ አገር አሳታሚ ዳግመኛ ወጣ። ሁሉም ሥራ እንዲህ ያለ ዕድል አይገጥመውም።

ዛሬ አያሌ ሰብሳቢዎች የሚወዱትን ባንድ ሥራዎች በሙሉ፣ ድምፁ ሳይጎድል በተጨመቀ ፋይል ለመያዝ ይጥራሉ። ነገሩ ቅንጦት ይመስላል፤ አይደለም። በሲዲ ላይ ለእያንዳንዱ ቻናል በሰከንድ 44,100 ናሙናዎች ይመዘገባሉ፤ አንዱ ናሙና 16 ቢት ነው። የሁለቱ ቻናሎች ድምር በሰከንድ 1,411,200 ቢት ይሆናል። በ128,000 ቢት የተዘጋጀ ኤምፒስሪ የሚይዘው የዚህን አንድ አሥራ አንደኛ ያህል ብቻ ነው። ጆሮ አይለየውም ተብሎ የተጣለው ደግሞ አይመለስም። ፍላክ የተባለው ዘዴ ግን ፋይሉን ብዙውን ጊዜ ወደ ግማሽ ገደማ ቢያሳንሰውም፣ ሲፈታ አንዲት ቢት አትጎድልም። የመጀመሪያው ድምፅ መለያ ቁጥርም አብሮ ስለሚቀመጥ፣ ፋይሉ መበላሸት አለመበላሸቱን በማናቸውም ጊዜ መመርመር ይቻላል።

ብዙዎች የሚሳሳቱት እዚህ ላይ ነው። ኤምፒስሪን ወደ ፍላክ መለወጥ ቅቤው የወጣለትን አሬራ በብር ዋንጫ እንደ ማቅረብ ይቆጠራል። ዋናው ጉዳይ የፋይሉ ስም ሳይሆን የተቀዳበት ምንጭ ነው።

የመካነ ሰላም ነገር የሚነሣውም በዚህ ምክንያት ነው። ባቲና አምባሰል የተባሉት ቅኝቶች ስማቸውን ያገኙት ከወሎ ምድር ነው። የታወቀ ባንድ ሸክላ በአንድ ቤት ቢሰበር በሌላ ቤት ይገኝ ይሆናል። በቦረና ደጋ በሠርግ ቤት በካሴት የተቀዳ የማሲንቆ ድምፅ ግን ሸክላም ሲዲም አልነበረውም፤ ካሴቱ ራሱ ዋናው ቅጂ ነው። የቴፑ ሽፋን በእርጥበትና በዕድሜ ይራገፋል፤ ከካሴት ወደ ካሴት በተገለበጠ ቁጥርም ሹክሹክታው እየጨመረ ቀጭኑ ድምፅ ይደበዝዛል።

ስለሆነም ካሴቱ ከመጫወቱ በፊት የማጫወቻው ሄድ በአልኮል ይጽዳ፤ ሄዱ ዘንበል ካለም ቀጭኑ ድምፅ ጥርት እስኪል ድረስ ይስተካከል። ቅጂው በ24 ቢት ተወስዶ በፍላክ ይቀመጥ፤ የዘፋኙ ስም፣ ቀኑና ቦታው አብሮ ይጻፍ። ሹክሹክታውን ለማጥፋት የሚፈልግ ሰው ቢኖር፣ ያን በሌላ ግልባጭ ላይ ያድርግ።