«አኖን»፦ «አሁኑኑ» የነበረው ቃል «ቆይቶ» የሆነበት መንገድ

(በተማሪዎች ማኅበር የውይይት ምሽት የተደረገ ንግግር)



ዛሬ ማታ ልንናገርበት የመረጥነው ርእስ ከአንድ ቃል የበለጠ አይደለም። ቃሉ የእንግሊዝኛ ተውሳከ ግሥ ነው፤ «አኖን» ይባላል። በዛሬው እንግሊዝኛ በዚህ ቃል ከልቡ የሚናገር ሰው የለም ለማለት ይቻላል፤ የሚጠቀምበት ቢገኝም ለቀልድ ወይም የጥንቱን አነጋገር ለመምሰል ብሎ ነው። ታዲያ የማይሠራበትን ቃል ይዞ ጉባኤ ፊት መቆም ምን ይጠቅማል የሚል ቢኖር ጥያቄው ተገቢ ነው። መልሳችን ሁለት ነው። አንደኛ፣ የሼክስፒርን ቴአትርና በ1611 የታተመውን የእንግሊዝኛ መጽሐፍ ቅዱስ የሚያነብ ተማሪ ይህን ቃል ሳያገኝ አያልፍም፤ ሲያገኘውም በተገላቢጦሽ ሊተረጉመው ይችላል። ሁለተኛ፣ የቃሉ ታሪክ የሚነካው እንግሊዞችን ብቻ ሳይሆን ቀጠሮ የሚሰጠውንና ተስፋ የሚያስይዘውን ሰው ሁሉ ነው። በንግግራችን የምንጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር መሆናቸውን ከወዲሁ እናስታውቃለን።

ከምንጩ እንነሣ። «አኖን» በጥንታዊው እንግሊዝኛ ሁለት ቃል ነበረ። የመጀመሪያው «በ» ወይም «ወደ» ማለት ሲሆን፣ ሁለተኛው «አንድ» ማለት ነው። ሁለቱ ተጣምረው «ወደ አንድ»፣ «በአንድ» የሚል ሐሳብ ሰጡ፤ ይኸውም ወዲያና ወዲህ ሳይሉ፣ መካከል ላይ ሳያቋርጡ፣ በአንድ ጉዞ ማለት ነው። ከዚያ «በአንድ አፍታ፣ ወዲያውኑ» የሚለው ትርጉም ተወለደ። ለአማርኛ ተናጋሪ ይህ አካሄድ እንግዳ አይደለም፤ እኛም «ባንዴ ጨረሰው»፣ «ባንድ አፍታ ደረሰ» ስንል ፍጥነትን የምንገልጸው በዚያው በ«አንድ» ነው። ስለዚህ ቃሉ በመጀመሪያ ዕድሜው መዘግየት የሚባል ነገር በውስጡ አልነበረውም።

ነገር ግን ቃል እንደ ሳንቲም ነው፤ በእጅ ብዛት መልኩ ይፋቃል። ባለቅኔው ጄፍሪ ቾሰር በኖረበት ዘመን፣ ማለት በ14ኛው መቶ ዓመት፣ ሰዎች «አኖን» ብቻ ማለት አልበቃ ሲላቸው «አኖንራይት» እያሉ ማጠናከሪያ ይጨምሩበት ነበር። ማጠናከሪያ የሚያስፈልገው የደከመ ነገር ነው። እኛም «አሁን» ብለን ሰሚው የማያምነን ሲመስለን «አሁኑኑ» እንላለን፤ «ቶሎ» ብቻውን ሲያንስብን «ቶሎ ቶሎ» እንላለን። አንድ ቃል መደገፊያ ሲፈልግ ካያችሁ፣ ከዚያ በፊት ብዙ ጊዜ ሳይፈጸም የቀረ ቃል መሆኑን ጠርጥሩ።

የ«አኖን» ድካም ከሁሉ ይልቅ ጎልቶ የሚታየው በሼክስፒር ቴአትር ውስጥ ነው። በ1598 በታተመው በንጉሥ ሄንሪ አራተኛ የመጀመሪያ ክፍል፣ በሁለተኛው ገቢር፣ አልጋ ወራሹ ልዑል ሃል በለንደን ኢስትቺፕ በሚባለው ሰፈር በአንድ መጠጥ ቤት ተቀምጧል። በዚያ ቤት ፍራንሲስ የሚባል ወጣት አሳላፊ አለ፤ ሥራ ለመልመድ ለጌታው በውል የታሰረ ሲሆን ገና የ5 ዓመት አገልግሎት ይቀረዋል። ልዑሉ ከጓደኛው ከፖይንስ ጋር ይመካከርና ጨዋታ ያዘጋጃል። ፖይንስ በሌላ ክፍል ሆኖ ፍራንሲስን ደጋግሞ ይጠራዋል፤ ልዑሉ ደግሞ በዚህ በኩል በወሬ ይይዘዋል። ምስኪኑ አሳላፊ በተጠራ ቁጥር የሚመልሰው ያንኑ «አኖን» የሚለውን ቃል ነው። በአፉ «ወዲያው መጣሁ» ይላል፤ እግሩ ግን ከቆመበት አይነቃነቅም። ጥሪው ከሁለቱም ወገን ባንድነት ሲመጣበት ወዴት እንደሚሄድ ጠፍቶት ደርቆ ይቀራል፤ በመጨረሻም የመጠጥ ቤቱ ባለቤት ገብቶ ይቆጣዋል።

ይህን ክፍል «አኖን» ማለት «ቆይቶ» ነው ብሎ የሚያነብ ሰው ጨዋታው አይገባውም። አሳላፊው «ቆይቼ እመጣለሁ» ብሎ ቆይቶ ቢመጣ ምን ያስቃል? የሚያስቀው ቃሉ «አሁኑኑ» እያለ ሥራው «ቆይቶ» መሆኑ ነው። እንግዲህ በዚያች አንዲት መጠጥ ቤት ውስጥ የቃሉን አሮጌ ትርጉምና አዲስ ትርጉም ጎን ለጎን ቆመው እናያቸዋለን፤ አንደኛው በአሳላፊው አፍ፣ ሁለተኛው በአሳላፊው እግር።

ሼክስፒር ይህን ቃል ለድኻው ብቻ አልተወውም። በሮሜዎና ጁልዬት ቴአትር ጁልዬት በሌሊት ከሮሜዎ ጋር ስትነጋገር ሞግዚቷ ከውስጥ ትጠራታለች። ልጅቱም በዚሁ በ«አኖን» ትመልስላታለች፤ ወሬዋን ግን አልቋረጠችም። አሳላፊው የማይሄደው ስለማይችል ነው፤ ጁልዬት የማትሄደው ስለማትፈልግ ነው። ቃሉ ግን አንድ ነው፤ ከሁለቱም አፍ ሲወጣ እኩል ይፋቃል።

ይህን ስንሰማ ወደ ራሳችን ቋንቋ ዞር ማለት ይገባናል። በሻይ ቤት አስተናጋጁን ስንጠራው የሚመልስልን ቃል ምንድን ነው? «መጣሁ!» ነው። ልብ በሉ፤ «እመጣለሁ» አላለም፣ «መጣሁ» ነው ያለው። ገና ሳይነሣ በኃላፊ ግሥ፣ ነገሩ እንደ ተፈጸመ አድርጎ ይነግረናል። የእንግሊዙ አሳላፊ በተውሳከ ግሥ የከፈለውን ብድር የእኛው በግሡ ጊዜ ይከፍለዋል። ሁለቱንም ሐሰተኞች ማለት ግን ፍርደ ገምድልነት ይሆናል። አራት ገበታ ባንድነት የሚጠራው ሰው ለአራቱም «አሁን» ከማለት በቀር ምን ይላል? የፍጥነት ቃል የሚያረጀው በስንፍና ብቻ አይደለም፤ ከአቅም በላይ በመጠራትም ያረጃል።

አሁን ደግሞ የትርጉሙ ስሕተት ከሳቅ ወደሚያልፍበት ስፍራ እንለፍ። በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 13፣ በዘሪው ምሳሌ ትርጓሜ፣ በድንጋያማ መሬት የተዘራው ቃሉን ሰምቶ ወዲያው በደስታ የሚቀበል፣ መከራም ሲመጣ ወዲያው የሚሰናከል ሰው ነው ተብሏል። በግሪኩ ቍጥር 20ና ቍጥር 21 ላይ ያለው ቃል አንድ ነው፤ የአማርኛውም መጽሐፍ በሁለቱም ስፍራ «ወዲያው» ይላል። የ1611ዱ የእንግሊዝኛ ትርጉም ግን በመጀመሪያው ስፍራ «አኖን»፣ በሁለተኛው «ባይ ኤንድ ባይ» የሚለውን ሐረግ አግብቷል። በዚያ ዘመን «ባይ ኤንድ ባይ» «ወዲያውኑ» ማለት ሊሆን ይችል ነበር። ዛሬ ትርጉሙ «ውሎ አድሮ፣ ቀስ ብሎ» ነው። ስለዚህ በዛሬ እንግሊዝኛ ጆሮ የሚያነብ ሰው፣ ያ ሰው ቃሉን ዘግየት ብሎ ተቀብሎ፣ ከብዙ ጊዜ በኋላ የተሰናከለ ይመስለዋል። የምሳሌው ፍሬ ነገር ግን ሥር የሌለው ተክል ፈጥኖ በቅሎ ፈጥኖ መድረቁ ነበር፤ ፍጥነቱ ከወጣ ምሳሌው ባዶ ይቀራል።

ከዚህ የባሰው በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 21 ቍጥር 9 ላይ ነው። በዚያ ስለ ጦርነትና ስለ ሁከት ስትሰሙ አትደንግጡ፣ ይህ አስቀድሞ መሆን አለበት፣ መጨረሻው ግን ወዲያው አይደለም የሚል ሐሳብ አለ። የ1611ዱ ትርጉም እዚህም «ባይ ኤንድ ባይ» ብሎ ጽፏል። የዛሬው አንባቢ ቃሉን በዛሬው ትርጉም ከወሰደው «መጨረሻው ቆይቶ አይደለም» የሚል ይወጣዋል፤ ይህም ሊያጽናና የተነገረውን ቃል ወደ ማስደንገጫ ይለውጠዋል። ይህን ጉድለት ያዩ የእንግሊዝ ሊቃውንት በ1881 ባወጡት የታረመ አዲስ ኪዳን እነዚህን አሮጌ ቃላት ከእነዚህ ስፍራዎች አንሥተው ግልጽ በሆኑ ቃላት ተክተዋቸዋል።

«አኖን» እንዲህ የሆነ ብቸኛ ቃል ቢሆን ኖሮ እንደ አጋጣሚ በቈጠርነው ነበር። ነገር ግን ሁላችንም በትምህርት ቤት «በቅርቡ፣ ቶሎ» ብለን የተማርነው «ሱን» የሚለው ቃል ራሱ በጥንታዊው እንግሊዝኛ «ወዲያውኑ» ማለት ነበር። «ፕረዘንትሊ» የሚለውም እንዲሁ ነው። በ1611ዱ መጽሐፍ በለሲቱ ወዲያውኑ እንደ ደረቀች የተነገረው በዚህ ቃል ነው፤ ዛሬ ግን በእንግሊዝ አገር «ከጥቂት ጊዜ በኋላ» ማለት ሲሆን፣ በአሜሪካና በስኮትላንድ «በአሁኑ ጊዜ» በሚል ትርጉም ይሠራበታል። እንግዲህ «አሁን» ማለት የነበሩ አራት ቃላት እያንዳንዳቸው ወደ «በኋላ» ተንሸራትተዋል። ቍልቁለቱ ወደ አንድ አቅጣጫ ነው። ምክንያቱም የሰው ልጅ «ቆይቼ» ብሎ ወዲያው የሚመጣበት ጊዜ ጥቂት፣ «አሁን» ብሎ የሚቆይበት ጊዜ ግን ብዙ ስለሆነ ነው። ሰሚው ትርጉሙን የሚማረው ከመዝገበ ቃላት ሳይሆን ከሚጠብቅበት ሰዓት ርዝመት ነው።

ለተማሪ የሚጠቅም ጥቂት ምክር እንጨምር። የማናውቀው ቃል አያታልለንም፤ መዝገበ ቃላት እንድንገልጥ ያስገድደናል። የሚያታልለን የምናውቀው የሚመስለን ቃል ነው። አሮጌ ጽሑፍ ስናነብ የቃሉን ትርጉም ብቻ ሳይሆን የትርጉሙንም ዘመን መጠየቅ ይገባል። ለዚህ ሥራ የተዘጋጀው ትልቁ የኦክስፎርድ የእንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት ነው፤ እያንዳንዱን ቃል ከነዘመኑና ከነምስክሩ ያቀርባል። የዚህ መዝገብ የመጀመሪያ ክፍል በጄምስ መሪ አዘጋጅነት በ1884 ሲታተም ከፊደላቸው መጀመሪያ ብዙም የማይርቀው «አኖን» በዚያው ክፍል ውስጥ ገባ። ሥራው በሙሉ የተፈጸመው ግን በ1928 ነው፤ መሪም ፍጻሜውን ሳያይ በ1915 አርፏል። ቃላትን በዘመናቸው ለማስቀመጥ ምን ያህል ትዕግሥት እንደሚጠይቅ ከዚህ መረዳት ይቻላል።

ሁለት ነገሮች ደግሞ እንዳያሳስቱን እንጠንቀቅ። በእንግሊዝኛ የግጥም መድበሎች ከግጥሙ ሥር በአጭሩ «አኖን» ተብሎ ነጥብ ተደርጎበት የሚታየው ከዚህ ቃል ጋር ምንም ዝምድና የለውም፤ ከግሪክ የመጣና «ደራሲው ያልታወቀ» የሚለው ቃል ምሕፃር ነው። እንዲሁም «ኤቨር ኤንድ አኖን» የሚለው ሐረግ «አልፎ አልፎ፣ በየጊዜው» ማለት ነው እንጂ «ሁልጊዜና ወዲያው» ማለት አይደለም።

ክቡራትና ክቡራን፤ ንግግራችንን የምንደመድመው በአንድ አሳብ ነው። ፍራንሲስ «አሁን» ብሎ ሳይመጣ ቢቀር ከሁለት ወገን ስለ ተጠራ ነው፤ ይቅርታ ይገባዋል። ሥልጣንና ጊዜ ኖሮት «በቅርቡ» የሚል ሰው ግን ያን ምክንያት ሊያቀርብ አይችልም። እርሱ የሚያባክነው የራሱን ክብር ብቻ አይደለም፤ የሁላችንን ቃል ነው። ነገ እውነት የሆነ አስቸኳይ ነገር ሲመጣ በምን ቃል እንጠራራ? እንግሊዞች «አኖን» ሲያልቅባቸው «ሌላ ቃል አምጡ» እያሉ ኖረዋል፤ አዲሱም ቃል ከአሮጌው እጅ አላመለጠም።

ስለዚህ ለማኅበራችን አንድ ትንሽ ነገር እናሳስባለን። ከእንግዲህ በማስታወቂያ ሰሌዳችን ላይ «ስብሰባው በቅርቡ ይደረጋል»፣ «ሒሳቡ በቅርቡ ይገለጻል» የሚል ጽሑፍ አይለጠፍ፤ ቀኑና ሰዓቱ ይጻፍ። ቀኑ ካልታወቀ «ገና አልተወሰነም» ይባል። ይህ ለቋንቋ የሚደረግ ውለታ ነው ብንል ማጋነን አይሆንም፤ ቃልን ከእርጅና የሚያድነው ሰዋስው ሳይሆን ፈጻሚ ነውና።