የተረፈው ሲናገር፣ ያልተረፈውስ?



ዛሬ ስለ አንድ አውሮፕላን ላውራችሁ። ኅዳር 14 ቀን 1989 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ወደ ናይሮቢ የተነሳ የኢትዮጵያ አየር መንገድ ቦይንግ 767 በሦስት ጠላፊዎች እጅ ወደቀ። ወደ አውስትራሊያ ውሰደን አሉ። ካፒቴን ልዑል አባተ ነዳጁ አያደርሰንም ቢላቸውም አልሰሙትም። ነዳጁ አለቀ፤ አውሮፕላኑ ኮሞሮስ ደሴት አጠገብ ባሕር ላይ ወደቀ። ከ175 ሰው 125ቱ ሞቱ፤ 50 ተረፉ።

ከሞቱት አንዱ መሐመድ አሚን ነው። ስሙን ባታውቁት ሥራውን ታውቁታላችሁ። በ1977 ኮረም ላይ የወሎን ረሃብ ቀርጾ ለዓለም ያሳየ የካሜራ ሰው እሱ ነው። ያ ፊልም ባስመጣው እህል የተረፈ ሰው አሁን ከሚሰሙኝ መካከል ይኖር ይሆናል። እሱ ግን አልተረፈም።

ካፒቴኑ ተረፈ። እሱም ሌሎች የተረፉትም በፊልም እየቀረቡ ያችን ቀን ይናገራሉ። «አሁንም ያው ታሪክ?» የሚል አይጠፋም። እኔ ግን አልፈርድባቸውም። ኢያሱ ምዕራፍ 4 ላይ ከዮርዳኖስ 12 ድንጋይ የተነሳው ልጆች ሲጠይቁ እንዲነገራቸው አይደል? ደግሞ እኮ በዚያ አውሮፕላን ብዙዎች የመንሳፈፊያውን ጃኬት ገና ውስጥ ሳሉ ነፉት፤ ውሃው ሲገባ ወደ ጣሪያው አንስቶ መውጫ ከለከላቸው። የተረፈ ሰው ባይናገር ይህን ማን ይነግረን ነበር?

እኔም የማወራው አለኝ። ከዓመታት በፊት ከውጫሌ ስመለስ የተሳፈርኩበት ሚኒባስ ተገለበጠ። ጭረት እንኳ አልነካኝም። ዓመቱን ሙሉ በየጉባኤው መሰከርኩ፤ ሃሌ ሉያው፣ እልልታው ይቀልጣል። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ታሪኩ እያደር አማረ። አንድ ጊዜ የተገለበጠው መኪና በኋላ ሦስት ጊዜ ተገለበጠ።

አንድ እሑድ አንዲት እናት በር ላይ ጠበቁኝ። «ልጄ፣ የኔ ልጅ እኮ ከጎንህ ነበር የተቀመጠው። ጌታ አንተን ሲያይ እሱን ሳያየው ቀረ?»

የመጽሐፍ ቅዱስ ትምህርት ቤት ያስተማረኝ መልስ ሁሉ ከአፌ ጠፋ።

ቤቴ ገብቼ ሉቃስ 13፥4ን ከፈትኩ። የሰሊሆም ግንብ ወድቆ 18 ሰው ሲገድል፣ ጌታ ሟቾቹን ከሌላው ይልቅ በደለኞች አላላቸውም። እኔ ግን በምስክርነቴ ሳላውቀው ብያቸው ነበር። «እኔን የጠበቀኝ» እያልኩ ስጮህ፣ ያልተጠበቀ እንዳለ እየነገርኳት ነበር ያችን እናት። ጳውሎስን ተመልከቱ። ሦስት ጊዜ መርከቡ ተሰበረ፤ በ2ኛ ቆሮንቶስ 11፥25 ጠቅሶት አለፈ። በደማስቆ መንገድ ያገኘውን ጌታ ግን በሐዋርያት ሥራ 22ም 26ም ላይ በሰፊው ተናገረለት።

በሳምንቱ ቤታቸው ሄድኩ። «እማማ፣ ይቅር ይበሉኝ» አልኳቸው። ዝም ብለው ቡና አፈሉ። ከዚያ «ስለ ልጅዎ ይንገሩኝ» አልኩ። እስኪመሽ ነገሩኝ፤ ሦስተኛው ቡና ቀዘቀዘ።

አሁንም ስመሰክር ያን ቀን አነሳለሁ። ሚኒባሱ አንድ ጊዜ ይገለበጣል፤ ከጎኔ የነበረው ልጅም በስሙ ይጠራል።